እጅና እግሩ ዳነ፤ አእምሮውን ማን አየው?

«ሰዓት ይሳሉልኝ። ቁጥሮቹን በሙሉ ያስገቡና አሥራ አንድ ሰዓት ከአሥር ደቂቃ እንዲል አድርገው ቆጣሪዎቹን ያስቀምጡ።»

ይህ ትእዛዝ ስትሮክ የመታው ሰው በማሰብ፣ በማስታወስና በማቀድ ችሎታው ላይ ምን ያህል ጉዳት እንደደረሰ ለማወቅ በዓለም ዙሪያ በብዛት ከሚሠራባቸው መመዘኛዎች አንዱ ውስጥ ይገኛል፤ የሞንትሪያል የአእምሮ ምዘና ይባላል። ኮተቤ የሚኖር አንድ ጡረተኛ ቢጠየቅ አጭሩን ቆጣሪ አምስት ላይ፣ ረጅሙን ሁለት ላይ ሊያደርግ ይችላል። ዕድሜውን ሙሉ ሰዓት ሲያነብ የኖረው እንዲያ ነው። ለእሱ አሥራ አንድ ሰዓት ማለት አጭሩ ቆጣሪ አምስት ላይ ሲደርስ፣ ሠራተኛ ቦርሳውን አንስቶ ወደ ታክሲ ሰልፍ ሲሮጥ ነው። የመልስ ቁልፉ ግን አጭሩን ቆጣሪ አሥራ አንድ ላይ ይፈልገዋል። ሰውየው ነጥብ ይቀነስበታል። የሚገርመው፣ የፊቱን ቁጥር ትቶ በስድስት ሰዓት እያዞረ የሚያነብ ሰው ከካናዳዊው አቻው ይልቅ አንድ ተጨማሪ የማሰብ ሥራ መሥራቱ ነው።

ምዘናው ከ30 የሚታረም ሲሆን ደራሲዎቹ «ደህና» ለመባል ያስቀመጡት ወለል 26 ነው። እንዲህ ባለ ጠባብ ሚዛን ላይ አንድ ነጥብ ቀላል አይደለም። በአንድ ሰዓት ሥዕል፣ በአንድ የማይታወቅ የአበባ ስም፣ በአንድ ተይዞ በማያውቅ እርሳስ ምክንያት ጤነኛ የሆነ ሰው «አእምሮው ተነክቷል» ተብሎ ሊመዘገብ ይችላል።

ነገሩ አሁን የሚነሳበት ምክንያት አለ። ከጥቂት አሥርት ዓመታት በፊት ስትሮክ ሲመታ የቤተሰቡ ጥያቄ «ይተርፋል ወይ?» የሚል ብቻ ነበር። በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የነርቭ ስፔሻሊስቶች ሥልጠና የተጀመረው እ.ኤ.አ. በ2006 ነው። ከዚያ ወዲህ በከተማው የነርቭ ሐኪም ማግኘትም ሆነ ሲቲ ስካን ማስነሳት ከቀድሞው ተሻሽሏል። ከሞት የሚተርፈው ሲበዛ፣ ተርፎ የሚኖረው ሰው እንዴት እንደሚኖር መጠየቅ ግድ ይሆናል። የክትትል ቀጠሮው ግን ገና በአሮጌው ጥያቄ ላይ ነው፦ እጅዎን ያንሱ፣ ጣቴን ይጭመቁ፣ ትንሽ ይራመዱልኝ፣ ግፊትዎ ስንት ነው፣ መድኃኒቱን እየወሰዱ ነው? ከዚያ የሦስት ወር ቀጠሮ። ቤት ስንደርስ ግን ሌላ ነገር እንሰማለን። ሚስት «ድኗል፣ ግን እሱ አይደለም» ትላለች። ልጅ «አባባ ጸባዩ ተለወጠ» ይላል። ሱቅ ያላቸው እናት መልስ መስጠት እያምታታቸው ደንበኛ መሸሽ ጀምሯል። ይህን የሚመዘግብ ካርድ የለም።

ቁጥሩ ትንሽ አይደለም። የአሜሪካ የልብ ማኅበር እ.ኤ.አ. በ2023 ባወጣው ሳይንሳዊ መግለጫ፣ ከስትሮክ ከተረፉት መካከል በመጀመሪያው ዓመት የማሰብ ችሎታቸው የሚጎዳው እስከ 60 በመቶ ሊደርስ እንደሚችል አስፍሯል። ወደ እኛ የሚቀርበው የናይጄሪያ ጥናት ደግሞ ከስትሮክ በኋላ በሦስተኛው ወር ከተመረመሩት ግማሽ በሚጠጉት ላይ ቀላልም ከባድም ጉዳት አግኝቷል። ከኦክስፎርድ የተሰበሰበውና ብዙ የሚጠቀሰው ስሌት ደግሞ የመጀመሪያ ስትሮክ ካገኛቸው አሥር ሰዎች አንዱ ብዙም ሳይቆይ የመርሳት በሽታ እንደሚይዘው፣ ስትሮኩ ከተደገመ ግን ከሦስቱ ከአንዱ በላይ እንደሚሆኑ ያሳያል። በአገራችን ደግሞ የሚታመሙት ከምዕራባውያኑ በዕድሜ ያነሱ ናቸው። ያልታከመ የደም ግፊት፣ ከልጅነት የጉሮሮ ሕመም የሚነሣው የልብ ሕመምም ገና ልጅ የሚያሳድገውንና ቤት የሚያስተዳድረውን ሰው ይጥለዋል። እ.ኤ.አ. በ2015 በተደረገው አገር አቀፍ ጥናት ከአዋቂዎች 16 በመቶ የሚሆኑት የደም ግፊታቸው ከፍ ያለ ሆኖ ተገኝቷል። በአርባ አምስት ዓመቱ የማቀድ ችሎታውን ያጣ ሰውና በሰማንያ ዓመቷ ስም የምትረሳ አያት ለቤተሰብ አንድ ዓይነት ሸክም አይደሉም።

ጉዳቱ ለምን እንደማይታይ ለመረዳት የአንጎልን አሠራር በጥቂቱ ማየት ይበቃል። እጅና እግርን የሚያንቀሳቅሰው መስመር ሲቋረጥ ማንም ያየዋል። ግፊት ለዓመታት ያደከማቸው ጥቃቅን የደም ሥሮች በአንጎል ውስጠኛ ክፍል ሲደፈኑ ግን የሚጎዳው ፍጥነት ነው፦ ነገር ማገናኘት፣ ሁለት ሥራ በአንዴ መያዝ፣ የጀመሩትን መጨረስ። ሰውየው ስሙን ያውቃል፣ ልጆቹን ያውቃል፣ ሰላምታ አሳምሮ ይመልሳል። በሰላምታ ባህላችን ደግሞ አምስት ደቂቃ ሙሉ ምንም ሳያስቡ ማውራት ይቻላል፤ «እግዚአብሔር ይመስገን፣ ደህና ነኝ፣ እናንተስ፣ ልጆችስ» እያለ የሚመልሰውን ታማሚ ሐኪሙ ጤነኛ ብሎ ቢያሰናብተው አይፈረድበትም።

የድንገተኛ ክፍሉ መለኪያም አያድንም። በመላው ዓለም የስትሮክን ክብደት ለመለካት የሚያገለግለው የአሜሪካው ሚዛን ከ42 ነጥብ ነው። ከእነዚህ ውስጥ 7ቱ ከንግግርና ትእዛዝን ከመረዳት ጋር የተያያዙ ናቸው፤ አንድ ወገንን ጨርሶ ለማስተዋል አለመቻል ግን 2 ነጥብ ብቻ ተሰጥቶታል። ስለዚህ የአንጎል ቀኝ ክፍሉ የተመታ ሰው ጉዳቱ ሰፊ ቢሆንም ነጥቡ ትንሽ ይሆናል፤ ያወራላ!

በዚህኛው ላይ ትንሽ ልቆይ። የቀኝ አንጎሉ የተጎዳ ሰው ዓይኑ እያየ በግራው በኩል ያለው ዓለም ለእሱ የሌለ ያህል ሊሆን ይችላል። የፈረንጅ የሕክምና መጻሕፍት ምልክቱን ሲገልጹ፣ ታማሚው ከሳህኑ የቀኙን ግማሽ በልቶ የግራውን ይተወዋል ይላሉ። እኛ ቤት ይህ ምልክት አይገኝም። ለምን ቢሉ፣ እንጀራው አንድ ነው፤ በግራው የተቀመጠችው ልጅ ከፊቷ ትበላለች፣ በቀኙ ያለው ይጎርሳል፣ ወጡ ሲያልቅ እናት ትጨምራለች፣ ያላነሣውን ቁራጭ ሥጋ አንድ ሰው ጠቅልሎ ያጎርሰዋል። ከማዕዱ ሲነሡ የግራው ግማሽም ባዶ ነው፤ ማን እንደበላው የሚቆጥር የለም። አብሮ መብላት ፍቅር ነው፤ ምልክት ግን ይደብቃል። ለታማሚው ለብቻው በትሪ አቅርቦ አንድ ቀን ማየት ብዙ ይነግራል።

ያ ሰው መገናኛ ላይ መንገድ ሲሻገር አስቡት። እኛ በቀኝ ነው የምንነዳው። ከእግረኛ መንገዱ የወረደ ሰው መጀመሪያ የሚመጣበት መኪና ከግራው ነው። እግሩ ተስተካክሎለት፣ ከዘራውን ጥሎ፣ «ዳንኩ» ብሎ ብቻውን የወጣ ሰው የማያየው ወገን መጀመሪያ የሚገድለው ወገን ነው። ሚኒባስ ሾፌር ከሆነና ወደ መሪው ከተመለሰ ደግሞ አደጋው ለራሱ ብቻ አይደለም። እኔ እንደማየው፣ ከስትሮክ በኋላ ወደ መንዳት የሚመለስ ሰው ሁሉ የዓይን ምርመራ ብቻ ሳይሆን አንድ ወገንን የማስተዋል ምርመራም ማለፍ ነበረበት።

እንግዲህ መመርመሩ ግድ ነው። የሚቀረው በምን የሚለው ነው።

የሞንትሪያሉ ምዘና እ.ኤ.አ. በ2005 ሲታተም የተፈተነው በሞንትሪያል አካባቢ ባሉ የማስታወስ ክሊኒኮች አረጋውያን ላይ ነበር፤ ለስትሮክ ታስቦ አልተሠራም። ከእሱ በፊት እ.ኤ.አ. ከ1975 ጀምሮ የነገሠው አጭር ምዘና የማቀድና የማስተዋል ጉድለትን ስለሚያሳልፍ ሐኪሞች ወደ ሞንትሪያሉ ዞሩ። ትክክል ነበሩ። ነገር ግን ምዘናው 12 ዓመትና ከዚያ በታች ለተማረ ሰው የሚጨምረው አንድ ነጥብ ብቻ ነው። እ.ኤ.አ. በ2016 በተደረገው የሥነ ሕዝብና ጤና ጥናት ዕድሜያቸው ከ15 እስከ 49 ከሆነ ኢትዮጵያውያት 48 በመቶ፣ ከወንዶቹም 28 በመቶ የሚሆኑት ትምህርት ቤት አልገቡም። በስትሮክ ዕድሜ ካሉት መካከል ደግሞ ያልተማሩት ድርሻ ከዚህ ይበልጣል። ከእንጦጦ ጫካ የባሕር ዛፍ ጭራሮ በጀርባዋ ተሸክማ ስትወርድ ዕድሜዋን የፈጀች እናት እርሳስ ተሰጥቷት ባለ ስድስት ገጽ ሳጥን ቅጂ ተብላ ስትጠየቅ፣ የሚለካው አንጎሏ ነው ወይስ ሳይሰጣት የቀረው ወንበር?

ጉድለቱ በዚህ ብቻ አያበቃም። የትምህርት ዓመት የሚለው ሳጥን እኛን አያውቀንም። በየካ ሚካኤል ወይም በእንጦጦ ራጉኤል ቅጽር ያሉ አንድ መሪጌታ ሃያ ዓመት ዜማና ቅኔ ተምረው፣ ድጓ በቃላቸው ይዘው ቅጹ ላይ «መደበኛ ትምህርት፦ የለም» ተብለው ይጻፋሉ። ቁርኣንን በቃላቸው የያዙ ሼህም እንዲሁ። አምስት ቃል አስታውሱ ቢባሉ ይህ ለእነሱ ጨዋታ ነው፤ ከስትሮኩ በኋላ ችሎታቸው በግማሽ ቢቀንስ እንኳ አምስቱን ቃል ይመልሱ ይሆናል። ሐኪሙም ደህና ናቸው ይላል። በ1971 ዓ.ም. በተጀመረው የመሠረተ ትምህርት ዘመቻ ማታ ማታ ፊደል የቆጠረ ትውልድም አለ፤ ያነባል፣ ይፈርማል፣ ግን ስንት ዓመት ተማርክ ቢሉት መልስ የለውም። መለኪያው ያልተማረውን ያለ ጥፋቱ ይጥላል፤ በሌላ መንገድ የተማረውን ደግሞ ጉዳቱን ሸፍኖ ያሳልፈዋል።

ቀን መጠየቅም የራሱ ጣጣ አለው። «ዛሬ ስንት ነው?» ሲባሉ «ኪዳነ ምሕረት ናት» ብለው የሚመልሱ እናት ቀኑን በትክክል አውቀዋል፤ 16 ነው። «ሚካኤል» ያሉት 12፣ «ራጉኤል» ያሉት 1 ማለታቸው ነው። ወጣቱ ሐኪም ይህን ሳያውቅ «ቀኑን አያውቁም» ብሎ ሊጽፍ ይችላል፤ ቅጹ ቁጥር ነው የሚጠይቀው። በኔ ግምት እንዲያውም የበዓሉን ስም የጠራ ሰው ቁጥሩን ከጠራው ይልቅ ከአካባቢው ጋር ያለው ግንኙነት የጠበቀ ነው።

ከዚህ ሁሉ የሚከፋው ግን ንግግር የተዘጋበት ሰው ነው። የግራ አንጎሉ የተመታ ሰው ቃል ሊጠፋበት ይችላል፤ ሐሳቡ ግን እዚያው አለ። በቃል የሚመለስ ፈተና ስጡትና ዜሮ ያገኛል። ዜሮ ያገኘውን ደግሞ ጎረቤት «አበደ» ይለዋል። የአዲስ አበባው የካ ክፍለ ከተማ ደግሞ የአንድ ቋንቋ ሰፈር አይደለም። ከኦሮሚያ፣ ከጉራጌ፣ ከጋሞ፣ ከትግራይ መጥቶ አርባ ዓመት በአማርኛ ሲነግድ የኖረ ሰው ከስትሮክ በኋላ አንዱ ቋንቋ ሊጠፋበት፣ ሌላው ሊተርፍለት ይችላል፤ የቱ እንደሚተርፍ አስቀድሞ አይታወቅም። በአማርኛ ብቻ የመረመረው ሐኪም ግማሹን ሰው ነው ያየው። እ.ኤ.አ. በ2015 የወጣው የኦክስፎርድ የስትሮክ ምዘና ለዚህ መልስ አለው፦ ታማሚው በጣቱ እያመለከተ ሊመልስ ይችላል፣ የግራ ወገንን አለማስተዋልም ለብቻው ይታያል፣ ሩብ ሰዓት ገደማ ይወስዳል። ለእኛ መነሻ የሚሆነው ከሞንትሪያሉ ይልቅ ይህ ይመስለኛል።

ሞንትሪያሉ ሌላም ነገር አለበት። ባለቤቶቹ ከጥቂት ዓመታት ወዲህ ምዘናውን የሚሰጥ ባለሙያ ሥልጠና ወስዶ እንዲመዘገብ ይጠይቃሉ፤ ክፍያው 125 ዶላር ነው። ዶላር ለወሳኝ መድኃኒት እንኳ በሚቸግርበት አገር በጤና ጣቢያ ላለች ነርስ ይህ የሚታሰብ አይደለም።

ከአፍሪካ የመጣ መልስም አለ። በታንዛኒያ ሃይ ወረዳ ለአረጋውያን የተዘጋጀው አጭር ምዘና እርሳስና ወረቀት ትቶ በክብሪት እንጨት ቅርጽ ማስቀመጥን ይጠይቃል። ክብሪት ያልያዘ እጅ የለም። እዚሁ አገር የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች ለስኪዞፍሬኒያ ታማሚዎች የሚሆን የኢትዮጵያ የአእምሮ ችሎታ ምዘና አዘጋጅተው በጥናት ፈትሸዋል። ለድባቴም በአማርኛ የተዘጋጀው ባለ ዘጠኝ ጥያቄ መጠይቅ በቅዱስ ጳውሎስ ሆስፒታል ታማሚዎች ላይ ተፈትኗል። ይህን የምጠቅሰው «አንችልም» የሚለውን ቀድሜ ለመዝጋት ነው፤ ተችሏል፣ ለስትሮክ ነው ያልተሠራው። በነገራችን ላይ ድባቴው ራሱ መታየት አለበት፤ ከስትሮክ ከተረፉት ከሦስቱ አንዱ ገደማ ያገኘዋል፤ ዝምታውና ፍዘዛው ከመርሳት ጋር ይምታታል፤ ልዩነቱ ግን ድባቴ መድኃኒት አለው።

ለስትሮክ የሚሆነው ምዘና እስኪሠራ ድረስ ሁለት መሣሪያ በእጃችን አለ። አንዱ ቤተሰብ ነው። አውስትራሊያ ውስጥ እ.ኤ.አ. በ1989 የተዘጋጀ መጠይቅ ታማሚውን ሳይሆን አብሮት የሚኖረውን ሰው ይጠይቃል፦ ከአሥር ዓመት በፊት ከነበረው ጋር ሲነጻጸር አሁን እንዴት ነው? ይህ ጥያቄ መማርን አይጠይቅም፤ ሰውየውን ከራሱ ጋር ነው የሚያነጻጽረው። ወደ እኛ ሲመጣ እንዲህ ይሆናል፦ የዕቁቡን ተራ ያስታውሳሉ? የእድር መዋጮ ከፈልኩ ብለው ደግመው ከፍለዋል? የልቅሶ ቤቱን መንገድ ስተዋል? የግፊት ኪኒናቸውን ሳይነገራቸው ይወስዳሉ?

ሁለተኛው ማየት ነው። ቡና ማፍላት ለማቀድ ችሎታ ከማንኛውም ወረቀት የተሻለ ፈተና ነው። ማጠብ፣ መቁላት፣ ሳያሳርሩ ማውረድ፣ መውቀጥ፣ ውሃው ሲፈላ ጨምሮ ገንፍሎ እንዳይፈስ መጠበቅ፣ መካከል ላይ ለእንግዳ ቄጠማ መጎዝጎዝና ዕጣን ማጨስ፣ አቦሉን አውርዶ ለቶናው ውሃ መመለስ። ብዙ ደረጃ፣ ብዙ መቋረጥ፣ እሳትም ያለበት ሥራ ነው። ሃምሳ ዓመት ያፈሉ እናት ሳይወቅጡ ውሃ ላይ ሊጨምሩ ሲሉ፣ ወይም አቦሉን ቀድተው ጀበናውን ባዶውን እሳት ላይ ሲመልሱ ያየች ልጅ የሚያስፈልጋትን ሁሉ አይታለች። በሌላው ዓለም የሙያ ሕክምና ባለሙያዎች ታማሚውን ሻይ በማስፈላት ይመረምራሉ፤ እኛ ጋ ይህ ሙያ በጎንደር ዩኒቨርሲቲ ገና በቅርቡ የተጀመረ ነው።

ጊዜውም ወሳኝ ነው። በመጀመሪያዎቹ ቀናት ታማሚው ትኩሳት፣ ድካም፣ መቃዠት ሊኖርበት ይችላል፤ በዚያ ሰዓት የተገኘ ውጤት ለዘለቄታው አይሠራም። ከሆስፒታል ሲወጣ አንዴ፣ በሦስተኛው ወር አንዴ፣ በስድስተኛው ወር አንዴ ቢታይ ነው የሚሻሻለውና የሚባባሰው የሚለየው። መሻሻል አለና፣ በተለይ በመጀመሪያው ግማሽ ዓመት።

እዚህ ላይ የምንኖርበት ቦታ አቀማመጥም ይገባል። ከፈረንሳይ ለጋሲዮን በላይ፣ ከእንጦጦ ግርጌ ባለው ዳገት የሚኖር አንድ እግሩ የሚጎተት ሰው ለሩብ ሰዓት ምርመራ ግማሽ ቀን ይወስድበታል፤ ሊፍት በሌለው ኮንዶሚኒየም አራተኛ ፎቅ ያለውም ከእሱ አይሻልም። ስለዚህ ምርመራው ወደ ቤት መሄድ አለበት። የከተማ ጤና ኤክስቴንሽን ባለሙያዎች ግፊት ለመለካት ቤት ድረስ ይሄዳሉ፤ አራት ጥያቄ ለቤተሰብ መጨመር አይከብድም። ተጠርጥሮ የሚላከውን ለመቀበል ደግሞ ኤካ ኮተቤ ሆስፒታል ቅርብ ነው። በ2012 ዓ.ም. ኮቪድ ሲገባ የመጀመሪያው የሕክምና ማዕከል የነበረው ይህ ሆስፒታል አጠቃላይ ሕክምናና የአእምሮ ሕክምና በአንድ ግቢ ይሰጣል። የስትሮክ ታማሚ የሚያስፈልገውም ይኸው ነው፤ ግፊቱን የሚያየውና አእምሮውን የሚያየው ሐኪም በአንድ ካርድ ላይ ሲጽፉ።

ብዙ ቤተሰብ ግን ከሆስፒታሉ ቀድሞ ወደ እንጦጦ ኪዳነ ምሕረት ወይም ወደ እንጦጦ ማርያም ጸበል ይወጣል። ይህን በንቀት የሚያዩ ባለሙያዎች አሉ፤ እኔ አልስማማም። ችግሩ ጸበሉ ሳይሆን ኪኒናው የሚቋረጥ ከሆነ ነው፤ ግፊት ሲለቀቅ ስትሮኩ ሊደገም ይችላል። ይህ አዲስ ክርክር አይደለም፤ በኤች አይ ቪ ዘመን እዚሁ ተራራ ላይ ተነሥቶ፣ በ1999 ዓ.ም. ገደማ ፓትርያርክ አቡነ ጳውሎስ ጸበሉና መድኃኒቱ አብረው እንዲሄዱ በይፋ ተናግረዋል። ለሱባኤ ሳምንታት የሚቆይን ታማሚ አብረውት የሚያድሩት ሰዎች ከሐኪሙ ይልቅ ያውቁታል። እነሱን መጠየቅ ነው።

የመጨረሻው ጉዳይ ሕግ ነው፤ ቤተሰብ የሚጣላበት። አባት ስትሮክ ከመታቸው በኋላ ለአንዱ ልጅ ውክልና ይሰጣሉ፣ ኑዛዜ ይናዘዛሉ፣ ቤት ይሸጣሉ። ከዓመት በኋላ ሌላው ልጅ «ያኔ አእምሯቸው ልክ አልነበረም» ብሎ ፍርድ ቤት ይቆማል። የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕግ አእምሮው የጎደለን ሰው በፍርድ የመከልከል ሥርዓት አለው፤ ዳኛው ግን ማስረጃ ይፈልጋል። በዚያ ቀን ፋይሉ ውስጥ ያለው «እጁን ያነሣል፣ ይራመዳል» የሚል ብቻ ከሆነ ፍርዱ በምስክሮች ጉልበት ይወሰናል። በልኩ ያልተሠራ ምዘና «22 ከ30» ብሎ ቢገኝ ደግሞ የባሰ ነው፤ ፊደል ያልቆጠሩ ግን ልባም የሆኑ እናት በዚያ ቁጥር ቤታቸውን የማዘዝ መብታቸውን ሊያጡ ይችላሉ። ስለዚህ ጤና ሚኒስቴርና የሕክምና ትምህርት ቤቶቻችን ለኢትዮጵያ ተለክቶ፣ ያልተማረውን ከተማረው ለይቶ ወለል ያስቀመጠ፣ በነፃ የሚታደል የስትሮክ ምዘና እንዲወጣ ማድረግ ይጠበቅባቸዋል። እስከዚያ ማንም ሐኪም 26ን እንደ ድንበር ቆጥሮ በኢትዮጵያዊ ታማሚ ካርድ ላይ «የመርሳት በሽታ» ብሎ ባይጽፍ ደግ ነው።

ቤት ውስጥ ስትሮክ ያገኘው ሰው ያላችሁ፣ ለቀጣዩ ቀጠሮ አብሮ የሚሄደው መኪና ያለው ዘመድ ሳይሆን አብሮት የሚውል ሰው ይሁን። ከመሄዳችሁ በፊት ከበሽታው ወዲህ የተለወጠውን ነገር በአጭሩ ጻፉ፦ ገንዘብ፣ መንገድ፣ መድኃኒት፣ ምግብ፣ ጸባይ። ሐኪሙ ስለ እግሩ ጠይቆ ሲጨርስ ወረቀቱን አውጥታችሁ አንብቡለት።